«ያቺ እኔ አይደለሁም»

በዚህ ዙር የመለስኳቸው ደብዳቤዎች አራት ናቸው። ሦስቱ ከድሬ፣ አንዱ ከሐረር። ሰዎቹ አይተዋወቁም፤ ጉዳያቸው ግን ተቀራራቢ ነው፦ የድሮ የቴሌቪዥን ምስል። የመጀመሪያዋ ጠያቂ ዘርዘር አድርጋ ስለጻፈች መልሱም ረዝሟል። የሌሎቻችሁን ቦታ ስላጣበብኩ ይቅርታ።

ጥያቄ፦ «ጋሼ፣ እንደምን ሰነበቱ? የገንደ ቆሬ ልጅ ነኝ፤ 28 ዓመቴ ነው። ከትምህርት ቤት ጀምሬ ድራማ ክበብ ውስጥ ነበርኩ፤ አሁን ከሁለት ጓደኞቼ ጋር አነስ አነስ ያሉ ትርኢቶች እንሠራለን። ባለፈው ክረምት አንድ ዘመዳችን በቴሌግራም ቪዲዮ ላከልኝ። በ1974 ዓ.ም የተቀረጸ የቴሌቪዥን ፕሮግራም ነው፣ ጥቁርና ነጭ። ከሐረርጌ የሄደ የኪነት ቡድን ይጨፍራል። ከልጃገረዶቹ አንዷ እናቴ ናት! ያኔ 17 ዓመቷ ነው። ጸጉሯን ጉፍታ ተሠርታ፣ የሐረሪ ልብስ ለብሳ፣ ካሜራው 11 ሰከንድ ሙሉ እሷን ብቻ ያሳያል። እኛ ደግሞ ሐረሪ አይደለንም። ወንድ አያቴ ከሸዋ የመጣ የምድር ባቡር ሠራተኛ ነበር፤ ሴት አያቴ ኦሮሞ ናት። ቪዲዮውን ለእናቴ ሳሳያት ስልኩን በእጇ ገፋ አድርጋ ‹ያቺ እኔ አይደለሁም› አለችኝ። ግን እሷ ናት፤ አክስቴ ምላ ነው የመሰከረችው። እኔም ይህን ቪዲዮ ከኋላዬ እያሳየሁ ስለ ማንነቴ የሚናገር ፐርፎርማንስ መሥራት አማረኝ። ግን ፐርፎርማንስ አርት የሚባለው ከቲያትር በምን እንደሚለይ በደንብ አልገባኝም። ከየት እንደምጀምርም ግራ ገብቶኛል። ጣቢያውስ ይከሰኛል? እናቴስ?»

መልስ፦ እህቴ፣ ደብዳቤሽን ሦስት ጊዜ አነበብኩት። በሦስተኛው ላይ ነው የገባኝ፤ የሥራሽ ልብ ደብዳቤው ውስጥ አለ፣ አንቺ ግን አልፈሽው ሄደሻል። «ያቺ እኔ አይደለሁም።» አክስትሽን ምስክር አድርገሽ እናትሽን ለመርታት የሞከርሽበት ቦታ ላይ ማለቴ ነው። አትርቻት። ተያት፣ ትበል።

ከቲያትር በምን ይለያል ላልሽው። ቲያትር ላይ ሌላ ሰው ትሆኛለሽ። ሰይፉ ጣውላ ነው፣ ደሙ ቀለም ነው፣ ሁላችንም እናውቃለን፣ ተስማምተን እናያለን። ፐርፎርማንስ ላይ ግን አንቺው ራስሽ ነሽ። (ክዋኔ ጥበብ የሚሉት አሉ፤ ጥሩ ቃል ነው፣ ግን ከሥዕል ልጆች ጋር ቁጭ ብለሽ ብትሰሚ «ፐርፎርማንስ» ብቻ ነው የሚሉት።) ሦስት ሰዓት እቆማለሁ ካልሽ ሦስት ሰዓት ትቆሚያለሽ፣ እግርሽም የምር ያብጣል። ነገሩ ከመድረክ ሰዎች ይልቅ ከሠዓሊዎችና ከቀራጮች ወገን ያደገውም ለዚህ ይመስለኛል፤ ሸራውን ትተው ገላቸውን ይዘው መጡ።

ባዕድ ነገር እንዳይመስልሽ ደግሞ። ለቅሶ ላይ የሟቹን ኮት፣ ባርኔጣውን፣ በፍሬም ያለ ፎቶውን ይዞ በሰዉ መሀል የሚዞር ዘመድ አይተሽ አታውቂም? ያ ሰው ተዋናይ አይደለም። ኮቱም እውነተኛው ኮት ነው፣ ምናልባት ላቡ ገና አልለቀቀም። ፎቶው ዝም ይላል፣ የያዘው ሰው ይንቀጠቀጣል፣ ሙሾ አውራጇ በሁለቱ መካከል ገብታ ታለቅሳለች። አሁን አንቺ ልትሠሪ የፈለግሽው ከዚህ የራቀ አይደለም። ዝም ያለ ምስልና የሚንቀሳቀስ ሰው፣ ጎን ለጎን።

አንድ ቃልሽን ግን ልጣላት። «ከኋላዬ እያሳየሁ» ብለሻል። በጭራሽ! እንዲህ ያሉ ሥራዎች ጥቂት አይቻለሁ። አብዛኞቹ የሚሞቱት እዚህ ጋ ነው። አርቲስቱ ከፊት ቆሞ ግጥም ያነባል፣ ከኋላው የድሮ ቴሌቪዥን ይሄዳል፣ ሰልፍ፣ ባንዲራ፣ ጃንሆይ፣ መንጌ፣ ተመልካቹም «አይ ጊዜ!» እያለ የድሮውን ያያል እንጂ ማን እሱን ያየዋል? ምስሉ መጋረጃ ሆነ ማለት ነው። መጋረጃ ደግሞ ጥያቄ አይጠይቅም። አንቺ ከምስሉ ፊት ሳይሆን ከምስሉ ጋር ነው መሆን ያለብሽ። ብትችይ ጀርባሽን ለእኛ ሰጥተሽ ፊትሽን ለእሷ።

የድሮ ምስል ለምን ተራ ነገር እንዳልሆነ አንድ ታሪክ ልንገርሽ፣ ታላላቆችሽ ያስታውሱታል። መስከረም 1 ቀን 1967 ማታ፣ እንቁጣጣሽ፣ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አንድ ፊልም ታየ። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ የቀረጸበት ነው፤ በአገሩ ከታየ ዓመት ሊሞላው ምንም አልቀረውም ነበር። ደርግ ግን ፊልሙን እንዳለ አላሳየውም። በተራቡት ሰዎች መካከል የቤተ መንግሥት ድግስ ገባበት፣ ኬክ ገባበት፣ ጃንሆይ ውሾቻቸውን ሥጋ ሲያበሉ ገባበት። በማግስቱ ጠዋት፣ መስከረም 2፣ ጃንሆይ በቮልስዋገን ተወሰዱ። አሁን አስቢው። ያንን ድግስ መጀመሪያ የቀረጸው ሰው ጃንሆይን ሊያዋርድ አልነበረም የቀረጸው፣ ሊያከብር ነው። አንዲት ክር አልተነካችበትም። ጎረቤቱ ብቻ ተቀየረና ያው ምስል ዙፋን አወረደ።

እና የእናትሽን 11 ሰከንድ ስታዪ መጀመሪያ «ካሜራውን የያዘው ምን ፈልጎ ነው?» በይ። እናትሽን ፈልጎ አይመስለኝም። ስሟን እንኳ አልጻፈም አይደል? የፈለገው የሐረርጌን ብሔረሰቦች ለማሳየት ነው፣ እና አንዲት ቆንጆ ልጅ ጉፍታ ተሠርታ አገኘ፣ ቀረብ አድርጎ ያዛት። ለእሱ ሐረሪ ናት። ለአገሩ ሁሉ ሐረሪ ናት። እሷ ደግሞ ዕቃ ቤት ገብታ ልብሱን አውልቃ የባቡር ሠራተኛው ልጅ ሆና ወጣች።

እኔ ራሴ በልጅነቴ የቀበሌያችን ኪነት ውስጥ ከበሮ ይዣለሁ፤ ስለዚህ ይህን ነገር ከጀርባ ነው የማውቀው። አምስት ሴት ልጆች ነበሩን። እነዚያው አምስቱ በአንድ ምሽት ኦሮሞ፣ ሶማሌ፣ ሐረሪ፣ አማራ ይሆናሉ። ልብስ የሚቀየረው ከአቡጀዲ መጋረጃ በስተጀርባ፣ እየተሯሯጡ ነው። አንዴ የምሥራቁን ቀሚስ፣ ሽቲን፣ የለበሰችው ልጅ ተሳስታ እስክስታ ጀመረች፣ እኔም ደንግጬ ከበሮውን አብሬ ወደ እስክስታ አዞርኩት፣ አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ግን ሌላም ነገር አለ። እነዚያ ልጆች ከመድረክ ሲወርዱ የምር በሦስት ቋንቋ ይሳደቡ ነበር። ከፊራ ገበያ ሲገቡ በአንዱ ይከራከራሉ፣ በሌላው ይገዛሉ። ስለዚህ ትርኢቱ ውሸት ነበር ብዬ መደምደም ያቅተኛል፣ እውነት ነበር ማለትም ያቅተኛል። መንግሥት ለሰልፍ የፈለገውን፣ ድሬ ደግሞ ድሮም በጓዳዋ የምትኖረውን፣ ሁለቱን በአንድ ልብስ ለብሰው ነበር የሚጨፍሩት። ሥራሽ ይህን ክር መፍታት የለበትም። መያዝ ነው ያለበት።

ከየት ልጀምር? ከቁጥር ጀምሪ። የኛ ቴሌቪዥን በሰከንድ 25 ሥዕል ነው የሚያሳየው። 11 ሰከንድ ማለት 275 ሥዕል ነው። አንድ በአንድ እያቆምሽ እያቸው፤ አንድ ሳምንት ይፈጅብሻል፣ ይፍጅ። የት ላይ ዓይኗን ጨፈነች? ካሜራው እግሯ ጋ ሲደርስ ለምን ተቆረጠ? ከጎኗ የማን ክንድ ይታያል? ሁለት ሰከንድ ላይ ወደ ቀኝ ገልመጥ ብላ ከሆነ፣ ማን እየጠራት ነበር? ከዚያ ያንን መገልመጥ ብቻ በራስሽ አንገት ተማሪው። ጭፈራውን ተይው፣ ማንም ይጨፍረዋል። ያቺን መገልመጥ ግን ሌላ ሰው የላትም።

ደግሞ ከቆራረጡት ምስል ሳይወጡ ብዙ የተናገሩ ሰዎች አሉ። አሜሪካዊቷ ዳራ በርንባም እ.ኤ.አ. በ1978 እና 79 የሠራችው ሥራ አለ። በጊዜው ከታወቀ ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ላይ አንዲት ሴት እየተሽከረከረች ወደ ጀግና የምትለወጥበትን ቅጽበት ወስዳ ደጋገመችው። ትሽከረከራለች፣ ፍንዳታ፣ እንደገና ትሽከረከራለች። ሦስተኛው ላይ ያስቃል፣ አሥረኛው ላይ ያስጨንቃል። ምንም አልጨመረችም ማለት ይቻላል። ድግግሞሽ ራሱ እንዴት እንደሚያወራ ለማየት ጥሩ ትምህርት ነው።

አሁን ወደ እናትሽ። «አንቺ ነሽ ወይስ አይደለሽም?» ብለሽ ሁለተኛ እንዳትጠይቂያት፤ እሱ የፖሊስ ጥያቄ ነው። «እማዬ፣ ቀሚሱ ምን ቀለም ነበር?» በያት። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ሲጀምር ጥቁርና ነጭ ነበር፤ በቀለም መታየት የጀመረው የአብዮቱ 10ኛ ዓመት ሲከበር፣ በ1977 መግቢያ ነው። እናትሽ በ1974 ከተቀረጸች የዚያን ቀሚስ ቀለም ያየ ተመልካች በአገሪቱ አልነበረም። የት እንዳለ ልንገርሽ? እሷ ጭንቅላት ውስጥ ብቻ ነው። መዝገቡ የሌለው ነገር እሷ ጋ አለ። በነገራችን ላይ 17 ዓመቷ ከነበረ ከቴሌቪዥኑ ጋር እኩያ ናት፤ ይህንንም ንገሪያት፣ ትስቅ ይሆናል።

አንድ ግምት አለኝ፤ ግምት ነው፣ ተሳስቼ ሊሆን ይችላል። ጉፍታ ሐረሪዎች ዘንድ ያገባች ሴት የጸጉር ሥራ ነው፣ መሀሉ ተከፍሎ ከጆሮ ኋላ ሁለት ላይ የሚጠቀለለው። እናትሽ ያኔ ያላገባች የ17 ዓመት ልጅ ናት። ቡድኑን ያለበሰው ካድሬ ይህ አላስጨነቀውም። ጎረቤት ያሉ የሐረሪ እናቶች ግን ማታ ቴሌቪዥን ላይ አይተዋት ቢሆን ምን ይሉ ነበር? በማግስቱ ውሃ ስትቀዳ ምን ተብላ ይሆን? «ያቺ እኔ አይደለሁም» ማለት የጀመረችው ያኔ ሊሆን ይችላል።

ስለዚህ እኔ ብሆን እንዲህ አደርጋለሁ። ከታይዋን ገበያ ወይም ከጎረቤት አንድ ቂጡ ትልቅ የድሮ ቴሌቪዥን ፈልጊ፣ ስስ ስክሪኑን ሳይሆን። መሬት ላይ አስቀምጪው። 11ዱ ሰከንድ ድምፅ አልባ ሆኖ ይደጋገም። አንቺ ፊት ለፊቱ በርጩማ ላይ ትቀመጫለሽ፣ ጀርባሽ ለተመልካች። ጉፍታ መሥራት የምታውቅ አንዲት የሐረሪ እናት ትጋብዣለሽ፤ አደራ፣ የሚገባትን ክፈያት፣ ስሟንም ካንቺ ስም እኩል ጻፊው፣ ልብሱና ጸጉሩ የእሷ ወግ ነው እንጂ የኛ ጌጥ አይደለም። እሷ ጸጉርሽን ትሠራለች። እየሠራች እንደ ልማዷ ታውራ፤ ምን ማለት እንዳለባት አትንገሪያት። «ልጄ፣ አንቺ እኮ አላገባሽም፣ ይሄ ላንቺ አይሆንም» ካለችሽ ደስ ይበልሽ፣ ከዚያ የተሻለ ንግግር አንቺ አትጽፊም። ጸጉሩ ሲያልቅ ቴሌቪዥኑን አጥፊው። ከዚያ ይፈታ። መፍታቱ ከመሥራቱ እኩል ጊዜ ይውሰድ። ሰው ይሰለቻል? አንዳንዱ ይወጣል። ይውጣ።

እናትሽ ትምጣ ወይስ ትቅር የሚለውን እሷ ትወስን። ቪዲዮውን ግን ሳታስፈቅጂያት እንዳታሳዪ። ሕጉንም ላንሳው። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 27 መሠረት የአንድን ሰው ምስል ያለ ፈቃዱ በአደባባይ ማሳየትም ማባዛትም አይቻልም። ቁጥር 28 ደግሞ አንዳንድ ነገር ይፈቅዳል፤ ሰውየው በሕዝብ የታወቀ ከሆነ፣ ወይም ምስሉ በአደባባይ ከተደረገ በዓልና ሁኔታ ጋር የተያያዘ ከሆነ። የኪነት ትርኢት አደባባይ ነው ብሎ የሚከራከርልሽ ጠበቃ አታጪም። ግን እናትሽን በቁጥር 28 ልታሸንፊ ነው? ቤት ስትገቢ እራት የምታቀርብልሽ እሷ ናት።

ጣቢያውን በተመለከተ፤ የቅጂ መብት አዋጁ ቁጥር 410/1996 ነው። የብሮድካስት ድርጅት በስርጭቱ ላይ ያለው መብት 20 ዓመት ነው የሚቆየው፤ ከ1974 ጀምሮ ስትቆጥሪ ካለፈ ቆይቷል። ነገር ግን በዚያ 11 ሰከንድ ውስጥ ስርጭቱ ብቻ አይደለም ያለው። ዜማው ባለቤት ካለው የደራሲ መብት በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ 50 ዓመት ነው። ድምፁን ዝጊው ያልኩሽ ለውበት ብቻ አልነበረም፣ አየሽ። ለማንኛውም ለጣቢያው አንድ ገጽ ደብዳቤ ጻፊና ፈቃድ ጠይቂ፤ ቅጂውንም በዚያው ጠይቂያቸው። የቴሌግራሙ ቪዲዮ ስንት ጊዜ እንደተጨፈለቀ እንጃ፣ እነሱ ጋ ካለ የሚሻል ነው። መልስ ካልሰጡሽ የላክሽበትን ቀን ያለበትን ኮፒ አስቀምጪ።

ጥያቄ፦ «እኔ ሳቢያን የምኖር ጡረተኛ ነኝ። ባለፈው ዓምድዎ ላይ ቴሌቪዥን ፊት ስለተቀመጠ ሰው ጥበብ ነው ብለው ጻፉ። ቴሌቪዥን ፊት መቀመጥ ጥበብ ከሆነ እኔ ጡረታ ከወጣሁ ጀምሮ አርቲስት ነኝ። ምነው ሕዝቡን ባታሞኙት?»

መልስ፦ አባባ፣ ሳቄን መቆጣጠር አልቻልኩም፤ እግዜር ይስጥልኝ። ግማሹን እቀበልዎታለሁ። በዚህ ስም ከሚሠራው ብዙው አሰልቺ ነው፣ ሠሪውም ያውቀዋል፣ ግን «አልገባችሁም» ማለት ይቀለዋል።

ባለፈው የጻፍኩት ግን ስለ ሰው አልነበረም፣ ስለ ሐውልት ነው። ኮሪያዊው ናም ጁን ፓይክ እ.ኤ.አ. በ1974 የቡድሃ ሐውልት ቴሌቪዥን ፊት አስቀመጠ። ካሜራ ሐውልቱን ይቀርጻል፣ ቴሌቪዥኑ ያንኑ ያሳያል። ቡድሃው ቁጭ ብሎ ራሱን ያያል፣ ያ የሚታየውም ራሱን ያያል። በቃ ይኸው ነው። ቀልድ ይመስላል አይደል? አሁን እርስዎ በዚያ ቦታ ይቀመጡ። በ1998 ክረምት የደቻቱ ወንዝ ሞልቶ ከ200 በላይ ሰው ሲወስድብን ማታ ዜናውን አይተው ይሆናል። እኔ አይቻለሁ። የማውቀው መንገድ ነው፣ የማውቀው ድልድይ ነው፣ ግን እዚያ ስክሪን ላይ ያለው ከተማ የኔ ከተማ አልመሰለኝም። ሰዎቹ ስም የላቸውም። ይጮኻሉ፣ ከዚያ ዜናው ወደ ሌላ ያልፋል። ውጭ ወጥቼ ሰፈሩን ዞር ዞር ብዬ አየሁት፣ ለማረጋገጥ ያህል። ድሬ በቴሌቪዥን የምትመጣው ወይ ጎርፍ ሲመጣ ወይ በዓል ሲከበር ነው፤ ማክሰኞ ዕለት ከሰዓት በኋላ ሰው ፈቲራ እየበላ የሚስቅባት ድሬ መዝገብ ውስጥ የለችም። አንድ ልጅ ያን ዜና አምጥቶ ከጎኑ ቆሞ «ይሄ የእገሌ ግድግዳ ነው፣ ይሄ የእገሌ ፍየል ናት» እያለ ስም ቢሰጠው፣ እርስዎ ቁጭ ብለው የሚያዩት ይመስለኛል። የተሳሳተውንም ያርሙታል።

ጥያቄ፦ «ሐረር፣ ጁገል ውስጥ፣ መኪና ግርግር ከሚባለው መንገድ አለፍ ብሎ ነው ቤታችን። አባታችን ነፍሱን ይማረውና ከቴሌቪዥን በዴክ የቀዳቸው 40 ካሴቶች ትቶልናል። ብዙዎቹ ላይ ‹አይነካ› ብቻ ነው የተጻፈው። አንዳንዱ ሻግቷል። ወንድሜ ይጣል ይላል፣ እኔ ወደ ኮምፒውተር ላዞረው እፈልጋለሁ። እንዴት?»

መልስ፦ ወንድምህን ያዝልኝ።

መጀመሪያ፣ የሻገተውን ዴክ ውስጥ እንዳትከተው። ሻጋታው የዴኩ ሄድ (ቴፑን የሚያነበው ክፍል) ላይ ይለጠፍና ቀጥሎ የምታስገባቸውን ጤነኞች ሁሉ ያበላሽልሃል። የሻገቱትን ለይተህ ደረቅ ቦታ በፌስታል ሳይሆን በካርቶን አስቀምጥ፣ ስትነካካ አፍንጫህን ሸፍን። ጤነኞቹን ከመክፈትህ በፊት እስከ መጨረሻው አሽከርክረህ መልሳቸው፤ ለዓመታት ሳይነካ የቆየ ቴፕ ይጣበቃል። ዴክ ፌረስ መጋላ አካባቢ ካሉት ጠጋኞች አንዱ ዘንድ አታጣም፤ ሄዱን በአልኮል እንዲያጸዳልህ እዚያው ቆመህ ተከታተል። ከዚያ ቢጫው ገመድ ለምስል፣ ነጩና ቀዩ ለድምፅ፣ ምስሉን ወደ ፋይል በሚለውጠው ዕቃ፣ በካፕቸር ካርድ፣ ወደ ኮምፒውተር። ካርዱ ላይ ምርጫው ፓል (የኛ ቴሌቪዥን የሚሠራበት ዓይነት) መሆኑን እይ፤ ብዙዎቹ ከፋብሪካ ሲመጡ በአሜሪካው ላይ ተደርገው ነው፣ ምስሉ ይዘላል ወይ ቀለሙ ይጠፋል።

ቦታ አስላ። ዲቪ በሚባለው የፋይል ዓይነት ከቀዳኸው አንድ ሰዓት 13 ጊጋ ያህል ይይዛል። ካሴቶቹ ባለ 180 ደቂቃ ከሆኑና ሙሉ ከሆኑ 40ው 120 ሰዓት ነው፣ ወደ 1,560 ጊጋ። ባለ 2 ቴራ ዲስክ ግዛ፣ አቅም ካለህ ሁለት ግዛና አንዱን ሌላ ቤት አስቀምጥ። ካሴቶቹንም ከቀዳህ በኋላ አትጣላቸው፣ ቁም አድርገህ ደርድራቸው።

አሁን ዋናው ነገር። አባትህ ከቴሌቪዥን ሲቀዱ አልፎ አልፎ ይቆርጡ ነበር፣ አይደል? ሁሉም ያደርገው ነበር፣ ማስታወቂያ ሲመጣ፣ እንግዳ ሲመጣ፣ ደስ የማይል ሰው መናገር ሲጀምር። ምስሉ ተጨማድዶ ይዘልና ሌላ ነገር ይጀምራል። ኮምፒውተር ላይ ስታዞር ያንን ዝላይ «ላጽዳው» እንዳትል! ፕሮግራሙን ምናልባት ሌላም ሰው ቀድቶታል። የት ላይ እንደሚቆረጥ የወሰነው ጣት ግን ያባትህ ብቻ ነው። የት የት እንደቆረጡ በደብተር መዝግብ፤ ከዚያ ደብተር ብቻ አንድ ሥራ ይወጣል። ከሰፈርህ ሳትወጣ ደግሞ አቶ አብዱላሂ ሸሪፍ በራስ ተፈሪ ቤት ያቋቋሙትን ሙዚየም ሄደህ እይ፤ ሰው «ይጣል» የሚለውን ዕቃ በግሉ መሰብሰብ የጀመረ ሰው እስከ የት እንደሚደርስ ለወንድምህ አሳየው።

ጥያቄ፦ «አቦ አጭር ጥያቄ ናት። ነምበር ዋን ሰፈር፣ አንድ ግቢ ውስጥ የድሮ ቪዲዮ ግድግዳ ላይ እያሳየን ፐርፎርማንስ ልናቀርብ ነው። በቀን 10 ሰዓት ላይ ፕሮጀክተር ይታያል? መብራት ቢጠፋስ?»

መልስ፦ አይታይም። በ10 ሰዓት የድሬ ፀሐይ ላይ ፕሮጀክተር ማብራት ባሕር ውስጥ ጨው መጨመር ነው። ማታ 1 ሰዓት ተኩል በሉት፤ ሙቀቱም ይበርዳል፣ ሰውም ከሥራ ይወጣል። ግድግዳው ክሬም ከሆነ ኖራ ቀቡት ወይም ነጭ አንሶላ ወጥሩበት። ነጠላ ከሆነ ብርሃኑ አልፎ ከኋላም ይታያል፣ በሁለቱም በኩል ተመልካች ማስቀመጥ ለፈለገ ያምራል።

መብራት ይጠፋል፣ አትጠራጠሩ። እኔ ላይ ሐረር ውስጥ ደርሶብኛል። አንድ ግቢ ውስጥ የድሮ የሠርግና የበዓል ምስል እያሳየን፣ ገና ወደ አጋማሹ ሳንደርስ ድርግም አለ። ጀነሬተር አልተከራየሁም፣ ስስቴ ነው። ጨለማ ውስጥ ቆሜ ላብ ሲያጠምቀኝ አንዲት እናት ከኋላ ሆነው «አሁን ይሄኔ የሙሽራዋ አጎት ነበር የሚገባው፣ በትር ይዞ» አሉ። ሌላዋ «በትር አይደለም፣ ጃንጥላ ነው» አሉ። ተከራከሩ። ፊልሙን ቀድሞ ያየ ሰው የሌለ ስለመሰለኝ ገረመኝ፤ ለካ ሠርጉ ላይ ነበሩ። 20 ደቂቃ ያህል በጨለማ አወሩት፤ ልብሱን፣ ዘፈኑን፣ ማን አኩርፎ እንደቀረ። መብራት ሲመጣ ጃንጥላ ነበር።

እናንተ ግን በዚህ አትመኩ፣ ጀነሬተር ተከራዩ። ከግቢው ውጭ አስቀምጡት፣ ጎረቤት አስፈቅዳችሁ። ገመዱ 30 ሜትር ይሁን፣ ሰው እንዳይረግጠው በፕላስተር መሬት ላይ ለጥፉት። ነዳጁን ቀን ሙሉት።